ሪሳይክል ቢን ሲያስቸግር የትኛውን መፍትሔ መምረጥ ይሻላል?

ሪሳይክል ቢን፣ ማለትም ዊንዶውስ የሰረዝናቸውን ፋይሎች የሚያኖርበት ቅርጫት፣ ባስቸገረ ቁጥር የሚሰጠው ምክር ያው አንድ ነው፦ ጥቁሩን የትዕዛዝ መስኮት ይክፈቱ፣ አንዲት መስመር ይጻፉ፣ ኮምፒውተሩን አጥፍተው ያብሩ፣ አለቀ። ምክሩ ውሸት አይደለም፤ አብዛኛውን ጊዜ ይሠራል። ሲሠራ ግን ቢኑ ውስጥ የነበረውን ሁሉ፣ በዚያው ኮምፒውተር የሚጠቀም ሌላ ሰው የጣለውን ጨምሮ፣ ጠራርጎ ይወስዳል። ከታች ያሉትን አማራጮች በፍጥነታቸው ሳይሆን በሚያሳጡት ነገር ልክ የደረደርናቸው ለዚህ ነው።

ስለዚህ መጀመሪያ ራስዎን ይጠይቁ፦ ቢኑ ውስጥ እኔ ወይም ሌላ ተጠቃሚ የምንፈልገው ፋይል አለ? በእርግጠኝነት ከሌለ ጊዜ አያባክኑ፣ በቀጥታ ወደ መጥረጊያው ትዕዛዝ ይለፉ። ካለ ወይም ከተጠራጠሩ ቅደም ተከተሉን ይጠብቁ። ቢኑን አስቀድመው ባዶ አድርገው ፋይል የጠፋብዎት ከሆነ ደግሞ ከጥገናዎቹ አንዱንም አይሞክሩ፤ ስለ ማስመለስ ወደሚያወራው ክፍል ይሂዱ።

ትዕዛዞችንና የሜኑ ስሞችን በአነባበባቸው ጽፈናቸዋል፤ ኮምፒውተሩ ላይ የሚተየቡት በላቲን ፊደል ነው።

ቢኑ በውስጡ ምን ይመስላል?

ዴስክቶፑ ላይ የሚታየው ቅርጫት አንድ ነው፤ ከጀርባው ያለው ግን ብዙ ነው። ከዊንዶውስ ቪስታ ጀምሮ እያንዳንዱ ድራይቭ ሥር «$ሪሳይክል.ቢን» የሚባል የተደበቀ ፎልደር ይቀመጣል። በእሱ ውስጥ ለእያንዳንዱ ተጠቃሚ «ኤስ-1-5-21» ብሎ የሚጀምር ረጅም ስም ያለው የራሱ ፎልደር አለ። ቅርጫቱን ሲከፍቱ የሚያዩት በየድራይቩ ያለውን የራስዎን ድርሻ ተሰብስቦ ነው። «ቢኑ ባዶ ነው፣ ዲስኩ ግን ሙሉ ነው» የሚለው ቅሬታ አንዱ ምንጭ ይህ ነው፤ የሌላው ተጠቃሚ ቆሻሻ ለእርስዎ አይታይም፣ ቦታውን ግን ይይዛል። አካውንቱ ከኮምፒውተሩ ከተሰረዘ በኋላ እንኳ የጣለው ነገር እዚያው ሊቀር ይችላል።

ፋይል ሲሰርዙ ይዘቱ ዲስኩ ላይ ካለበት ንቅንቅ አይልም። የሚቀየረው ስሙና አድራሻው ብቻ ነው። 20 ጊጋባይት ቪዲዮ በቅጽበት የሚሰረዘውም፣ ተሰርዞም አንዲት ባይት ቦታ የማይለቀቀውም ለዚህ ነው። በዚያች ቅጽበት ሁለት ፋይሎች ይፈጠራሉ። አንደኛው «$አር» ብሎ ጀምሮ ስድስት የዘፈቀደ ፊደልና ቁጥር አስከትሎ በቀድሞው ኤክስቴንሽን (ከስሙ መጨረሻ ነጥብ ቀጥሎ የፋይሉን ዓይነት በሚናገረው ቁራጭ) የሚያልቅ ነው፤ ይዘቱ ያለው እዚህ ነው። ሁለተኛው «$አይ» ብሎ ጀምሮ ያንኑ ስድስት ምልክት ይደግማል፤ ይሄኛው የቀድሞውን አድራሻ፣ መጠኑንና የተሰረዘበትን ጊዜ የያዘ ትንሽ መታወቂያ ነው። በኖትፓድ ቢከፍቱት ከዝብርቅርቅ ምልክቶች ቀጥሎ የፋይሉ የድሮ አድራሻ ይነበባል።

ይህን ጥንድ ማወቅ ኋላ ላይ ብዙ ይጠቅማል። መታወቂያው ሲበላሽ ቢኑ ዕቃውን አያሳይም፤ ይዘቱ ግን «$አር» በሚለው ስም ሙሉ ለሙሉ አለ። የተሰረዘው ፎልደር ከሆነ የሚቀየረው የፎልደሩ ስም ብቻ ነው፤ ውስጡ ያሉት ፋይሎች የራሳቸውን ስም እንደያዙ ይቆያሉ።

ምንም የማያሳጡ መፍትሔዎች

የቅርጫቱ ምስል ባዶ ሆኖ ሳለ ሙሉ ከመሰለ፣ ሙሉ ሆኖ ባዶ ከመሰለ ወይም «ኢምፕቲ ሪሳይክል ቢን» ሲጫኑ ምንም ካልሆነ፣ የተበላሸው ቢኑ ሳይሆን ኤክስፕሎረር፣ ማለትም ዴስክቶፑንና ፎልደሮችን የሚያሳየው የዊንዶውስ ፕሮግራም ነው። ኤፍ5 ይሞክሩ። ካልሠራ ኮንትሮል፣ ሺፍት እና ኢስኬፕን በአንድነት ተጭነው ታስክ ማናጀርን ይክፈቱ፣ «ዊንዶውስ ኤክስፕሎረር» የሚለውን መርጠው «ሪስታርት» ይበሉ። ስክሪኑ ለአፍታ ጠፍቶ ይመለሳል፤ የተከፈቱ የፎልደር መስኮቶች ይዘጋሉ እንጂ ሌላ የሚጠፋ ነገር የለም።

ቅርጫቱ ከዴስክቶፕ ጭራሽ ከጠፋ ሴቲንግስ፣ ፐርሰናላይዜሽን፣ ቲምስ፣ ከዚያ «ዴስክቶፕ አይኮን ሴቲንግስ» ገብተው ሳጥኑ ላይ ምልክት ያድርጉ። ሁሉም አይኮን ከጠፋ ግን ዴስክቶፑ ላይ ራይት ክሊክ አድርገው «ቪው» ውስጥ «ሾው ዴስክቶፕ አይኮንስ» መጥፋቱን ይዩ።

ፋይሉ ቢኑ ውስጥ እየታየ «ሪስቶር» እምቢ ሲል፣ ብዙ ሰው የማይሞክረው ቀላል መንገድ አለ፦ ፋይሉን በማውስ ይዞ ወደ ሌላ ፎልደር መጎተት፣ ወይም ከት አድርጎ ሌላ ቦታ ፔስት ማድረግ። ሪስቶር የሚመልሰው ወደ ድሮው አድራሻ ብቻ ስለሆነ፣ ያ ቦታ ላይ መጻፍ ካልተፈቀደ ይከሽፋል፤ ጎትቶ ማውጣት ግን ስለ ድሮው አድራሻ ግድ የለውም። ቢኑ ውስጥ ፋይል ሁለቴ ሲጫኑ የሚከፈተው ፕሮፐርቲስ ብቻ መሆኑም ብልሽት አይደለም፣ አሠራሩ ነው።

አንድ ፋይል አልጠፋም ሲል

ቢኑ በሙሉ ባዶ አልሆን ካለ፣ ከስንት ሺህ ፋይል መካከል እምቢተኛው አብዛኛውን ጊዜ አንድ ወይም ሁለት ነው። ግማሹን መርጠው ይሰርዙ፤ ካለፈ ችግሩ በቀሪው ግማሽ ውስጥ ነው። እንዲህ እየከፈሉ ሲሄዱ እምቢተኛው ቶሎ ይያዛል።

ከዚያ በኋላ ሦስት በር አለ። የመጀመሪያው ራይት ክሊክ አድርጎ ባዶ ማድረግ ሲሆን የሁሉንም ድራይቭ ቆሻሻ በአንዴ ያጠፋል። ሁለተኛው ሴቲንግስ፣ ሲስተም፣ ስቶሬጅ፣ «ቴምፖራሪ ፋይልስ» ገብቶ ሪሳይክል ቢን የሚለውን ብቻ መምረጥ ነው፤ ኤክስፕሎረር ሲንገዳገድ ይህ ሊያልፍ ይችላል፤ ግን ሌሎቹን ሳጥኖች በደንብ ይዩ፣ በተለይ «ዳውንሎድስ» ላይ ሳያውቁት ምልክት እንዳይቀመጥ። ሦስተኛው ፓወርሼል የሚባለው ሌላ የዊንዶውስ የትዕዛዝ መስኮት ነው፦ «ክሊር-ሪሳይክልቢን -ድራይቭሌተር ዲ» የሚለው ትዕዛዝ የዲ ድራይቭን ቢን ብቻ ባዶ አድርጎ የሲን ይተወዋል። አንድ ድራይቭ ብቻ ባስቸገረ ጊዜ እኛ የምንመርጠው ይህን ነው።

«ፋይሉ ሌላ ፕሮግራም ላይ ተከፍቷል» የሚለው መልእክት ኮምፒውተሩን ሪስታርት ካደረጉም በኋላ ከተመለሰ ዊንዶውስ የግድ የሚያስፈልገውን ብቻ ይዞ በሚነሳበት በሴፍ ሞድ ይግቡ። ሺፍትን ይዘው «ሪስታርት» ይጫኑ፣ ከዚያ ትራብልሹት፣ አድቫንስድ ኦፕሽንስ፣ ስታርታፕ ሴቲንግስ፣ ሪስታርት፣ በመጨረሻ 4 ቁጥርን። ዲስኩ በቢትሎከር የተቆለፈ ከሆነ ኮምፒውተሩ 48 አሃዝ ያለውን የመልሶ ማግኛ ቁልፍ ሊጠይቅ ስለሚችል፣ ቁልፉ እጅዎ ላይ ሳይኖር አይጀምሩ። ለአንድ ግትር ፋይል ብሎ ከኮምፒውተር ውጭ መቅረት አያዋጣም።

መጥረጊያው ትዕዛዝ፦ መቼ ይመረጣል?

«ሪሳይክል ቢን ኦን ሲ ኢዝ ኮራፕትድ» የሚል መልእክት ከመጣ ከላይ ያሉት እምብዛም አይረዱም። ምክንያቱ አብዛኛውን ጊዜ ከሦስት አንዱ ነው፦ ኤክስተርናል ዲስክ እየጻፈ ሳለ መነቀሉ ወይም መብራት መቋረጡ፣ የፎልደሩ ፈቃድ መዛባቱ፣ ወይም ዲስኩ ራሱ መታመሙ። መልእክቱ «ባዶ ላድርገው?» ብሎ ሲጠይቅ «የስ» ማለት ይዘቱን እስከ ወዲያኛው መሰናበት መሆኑን ልብ ይበሉ። የሚፈልጉት ነገር ካለ «ኖ» ብለው መጀመሪያ ቅጂ ያውጡ።

ቅጂውን በኤክስፕሎረር ማውጣት አይመችም፤ ኤክስፕሎረር የተደበቀውን ፎልደር እንደ ተራ ፎልደር ሳይሆን እንደ ቅርጫት ስለሚያሳየው «$አር» ፋይሎቹ አይታዩም። የትዕዛዝ መስኮቱን «ራን አዝ አድሚኒስትሬተር» ብለው ይክፈቱና ኢ የሚባል ሌላ ድራይቭ ላይ እንዲህ ይቅዱ፦

ሮቦኮፒ ሲ:\$ሪሳይክል.ቢን ኢ:\ማዳኛ /ኢ /ቢ /አር:1 /ደብሊው:1 /ኤክስኤፍ ዴስክቶፕ.አይኤንአይ

«/ኢ» ንዑስ ፎልደሮችን ሁሉ ያካትታል። «/ቢ» የባክአፕ ሞድ ነው፤ የሌላ ተጠቃሚ ፎልደር ላይ «ፈቃድ የለም» የሚለውን ያልፋል። «/አር:1» እና «/ደብሊው:1» ባይጨመሩ ሮቦኮፒ አልነበብ ያለውን አንድ ፋይል በየ30 ሴኮንዱ እስከ 1 ሚሊዮን ጊዜ ለመሞከር የተዘጋጀ ስለሆነ ሌሊቱን ሙሉ እዚያው ተገትሮ ሊያድር ይችላል። የመጨረሻው ቁራጭ «ዴስክቶፕ.አይኤንአይ» እንዳይቀዳ ይከለክላል፤ እሱ ከተቀዳ አዲሱ ፎልደር ራሱ ሪሳይክል ቢን መስሎ ይታይና ይዘቱን ማየት አይቻልም። የማዳኛው ፎልደር ከቅጂው በኋላ ጭራሽ ካልታየ አልጠፋም፤ የመደበቂያ ምልክቱን ከዋናው ወርሶ ነው። «አትሪብ -ኤስ -ኤች ኢ:\ማዳኛ» ይገልጠዋል።

ከዚያ የተቀዱትን «$አር» ፋይሎች እየከፈቱ ስማቸውን ማስተካከል ነው። አሰልቺ ነው፣ ነገር ግን ኤክስቴንሽናቸው ስላልተቀየረ ዎርዱ በዎርድ፣ ፎቶው በፎቶ ይከፈታል።

ቅጂው ከተረጋገጠ በኋላ መጥረጊያው ይኸውና፦

አርዲ /ኤስ /ኪው ሲ:\$ሪሳይክል.ቢን

«አርዲ» ፎልደር ያጠፋል፣ «/ኤስ» ውስጡ ያለውን ሁሉ ይጨምራል፣ «/ኪው» ደግሞ «እርግጠኛ ነህ?» ብሎ እንዳይጠይቅ ያደርገዋል። ስለማይጠይቅ ከኢንተር በፊት መስመሩን ሁለቴ ያንብቡ፤ የፎልደሩ ስም ተዘንግቶ ሲ እና ስላሹ ብቻ ከቀረ ትዕዛዙ የሚጀምረው ድራይቩን በሙሉ መሰረዝ ነው። ብልሽቱ ሌላ ድራይቭ ላይ ከሆነ ሲን በዚያው ፊደል ይተኩ። ኮምፒውተሩን ሪስታርት ያድርጉ፤ ዊንዶውስ ጤነኛ ፎልደር በራሱ ይፈጥራል።

ብዙዎችን የሚያደናቅፍ አንድ ነገር፦ ዊንዶውስ 11 ላይ «ተርሚናል» ሲከፈት የሚመጣው ብዙውን ጊዜ ፓወርሼል ነው። እዚያ ይህ መስመር አይሠራም። ፓወርሼል «አርዲ»ን እንደ ሌላ ትዕዛዝ ያነበዋል፣ «/ኪው» የሚለውን አያውቀውም፣ የዶላር ምልክቷን ደግሞ የቫሪያብል መነሻ አድርጎ ይቆጥራታል። መስመሩ በፒኤስ ከጀመረ ፓወርሼል ነው፤ «ሲኤምዲ» ብለው ኢንተር ይጫኑና ወደ ትክክለኛው መስኮት ይግቡ።

የዲስክ ፍተሻ ወይስ የሲስተም ፍተሻ?

ሁለቱ በየመመሪያው ጎን ለጎን ይጠቀሳሉ፣ ሥራቸው ግን አይገናኝም። «ኤስኤፍሲ /ስካንናው» የዊንዶውስን የራሱን ፋይሎች ይመረምራል እንጂ የቢኑን ፎልደር አይነካም። ኤክስፕሎረር በተደጋጋሚ የሚዘጋ ከሆነ ይሞከር፤ ለ«ኮራፕትድ» መልእክት ግን የመጀመሪያ ምርጫ አድርጎ ማቅረቡ ልማድ ነው እንጂ ሌላ ምክንያት የለውም።

«ቼክዲስክ» (የሚተየበው «ሲኤችኬዲኤስኬ» ተብሎ ነው) ግን ጉዳዩ ይመለከተዋል። መጥረጊያውን ተጠቅመው መልእክቱ በቀናት ውስጥ ከተመለሰ የፋይል ሲስተሙ፣ ማለትም ዲስኩ ፋይሎቹን የሚያደራጅበት ሥርዓት፣ ሳይዛባ አይቀርም። «ቼክዲስክ ሲ: /ኤፍ» ስህተቶችን ያርማል፤ ሲ ድራይቭ ሥራ ላይ ስለሆነ ዋይ ብለው መልሰው ሪስታርት ሲያደርጉ ይካሄዳል፣ አብዛኛውን ጊዜም ቶሎ ያልቃል። «/አር» ደግሞ ይህንኑ አድርጎ በተጨማሪ የዲስኩን ገጽ ከጫፍ እስከ ጫፍ ያነባል፤ ትልቅ ሃርድ ዲስክ ላይ ሰዓታት ይወስዳል።

የ«/አር» አደጋው እዚህ ነው። እየሞተ ያለ ሃርድ ዲስክን ለሰዓታት ማስነበብ ሊገድለው ይችላል። ስለዚህ አስቀድመው እንደ ክሪስታልዲስክኢንፎ ባለ ነፃ ፕሮግራም የዲስኩን ጤና ይዩ። የተበላሹ ወይም የተጠረጠሩ የዲስክ ቦታዎችን በሚቆጥሩት በ05፣ በሲ5 እና በሲ6 መስመሮች ላይ ያለው ቁጥር ከዜሮ በላይ ሆኖ እየጨመረ ከሄደ ጥገናውን ይተዉት፤ መጀመሪያ ፋይሎችዎን ወደ ሌላ ዲስክ ያሽሹ። የተበላሸ ቢን ያን ጊዜ ትንሹ ችግርዎ ነው።

ባዶ ከሆነ በኋላ፦ ማስመለስ

ቢኑ ባዶ ከተደረገ በኋላ ውጤቱን የሚወስነው የፕሮግራሙ ዝና ሳይሆን የዲስኩ ዓይነት ነው። የሚሽከረከረው ሃርድ ዲስክ ላይ ይዘቱ ሌላ ነገር እስኪጻፍበት ድረስ እንዳለ ይቆያል። የሚሽከረከር ክፍል በሌለው ኤስኤስዲ ላይ ግን ዊንዶውስ ባዶ የሆነውን ቦታ በትሪም ትዕዛዝ ለዲስኩ ያሳውቃል፤ ዲስኩም በራሱ ጊዜ ያጸዳዋል። ከዚያ በኋላ ማንኛውም ፕሮግራም የሚያነበው ዜሮ ብቻ ነው። ሃርድ ዲስክ መሆኑም ሙሉ ዋስትና አይደለም፤ ኤስኤምአር በሚባለው አጻጻፍ ከሚሠሩት አንዳንዶቹ ትሪምን ይቀበላሉ። ፍላሽና የካሜራ ካርድ ላይ በአብዛኛው ትሪም ስለማይሠራ ተስፋው ይሻላል።

የትኛውም ዲስክ ይሁን፣ በዚያ ድራይቭ ላይ መሥራት ወዲያው ይቁም። ብሮውዘር መክፈት እንኳ ጊዜያዊ ፋይል ይጽፋል። ማስመለሻ ፕሮግራሙን ፋይሉ በጠፋበት ድራይቭ ላይ መጫን በገዛ እጅ ፋይሉን እንደመቅበር ነው፤ ሳይጫን የሚሠራውን ዓይነት በሌላ ኮምፒውተር አውርደው በፍላሽ ያምጡት።

ወደ ፕሮግራም ከመሄድዎ በፊት ግን ሌላ ቅጂ ይፈልጉ። ፋይሉ በማይክሮሶፍት የኢንተርኔት ማከማቻ በዋንድራይቭ ውስጥ ከነበረ የድረ ገጹ ሪሳይክል ቢን በግል አካውንት 30 ቀን፣ በመሥሪያ ቤትና በትምህርት ቤት አካውንት እስከ 93 ቀን ሊያቆየው ይችላል። የደመና ምልክት ብቻ ያለው፣ ወደ ኮምፒውተሩ ያልወረደ ፋይል ከተሰረዘ ደግሞ የኮምፒውተሩ ቢን ውስጥ ጨርሶ አይገባም፤ የሚገኘው ድረ ገጹ ላይ ብቻ ነው። ጉግል ድራይቭም ትራሹን 30 ቀን ያቆያል። ከእነዚህ ቀጥሎ ፋይሉ የነበረበትን ፎልደር ራይት ክሊክ አድርገው «ሪስቶር ፕሪቪየስ ቨርዥንስ» ይበሉ፤ ቅጂ የሚያስቀምጡት የዊንዶውስ ምርጫዎች፣ ፋይል ሂስትሪ ወይም ሲስተም ፕሮቴክሽን፣ በርተው ከነበረ የቀደመ ቅጂ ይኖራል። ፋይል ሂስትሪ ካልተበራ በራሱ እንደማይሠራም ይወቁ።

እነዚህ ሁሉ ካልሆኑ ሦስት ፕሮግራሞችን እናወዳድር።

ሬኩቫ ለጀማሪ ይቀላል። ነፃ ነው፣ ውጤቱንም በአረንጓዴ፣ በብርቱካናማና በቀይ ነጥብ ያሳያል። አረንጓዴውን ግን አይመኑት። የሚለው «ቦታው ላይ ሌላ ፋይል አልተጻፈም» ብቻ ነው፤ ትሪም ባጸዳው ኤስኤስዲ ላይ አረንጓዴ ሆኖ የተመለሰ ፋይል መጠኑ ትክክል፣ ውስጡ ዜሮ ሊሆን ይችላል። የተመለሰውን ሁሉ ከፍተው ይዩ።

ዊንዶውስ ፋይል ሪከቨሪ የማይክሮሶፍት ነው፤ ከማይክሮሶፍት ስቶር ይወርዳል፣ ዊንዶውስ 10 ቨርዥን 2004 ወይም ከዚያ በኋላ የመጣ ይፈልጋል። መስኮትና ቁልፍ የለውም፣ ሁሉ በትዕዛዝ ነው፦ «ዊንኤፍአር ሲ: ኢ: /ሬጉላር /ኤን *.ዶክክስ» ከሲ ላይ የዎርድ ፋይሎችን ፈልጎ ኢ ላይ ያስቀምጣል። ምንጩና መድረሻው አንድ ድራይቭ እንዲሆኑ አይፈቅድም፤ ይህ ጥብቅነቱ ራሱ ጥቅሙ ነው። በቅርብ ለተሰረዘና ኤንቲኤፍኤስ (የተለመደው የዊንዶውስ ፋይል ሲስተም) ለሆነ ዲስክ «/ሬጉላር»፣ ለቆየ፣ ፎርማት ለተደረገ ወይም ለፍላሽ «/ኤክስቴንሲቭ» ይመረጣል።

ፎቶሬክ የመጨረሻው አማራጭ ነው። ስሙ አያታልልዎት፣ ከፎቶ ሌላ ሰነድ፣ ቪዲዮና የተጨመቀ ፋይልም ያወጣል። የፋይል ሲስተሙን ትቶ እያንዳንዱ የፋይል ዓይነት ሲጀምር የሚይዘውን የታወቀ ምልክት እየፈለገ ስለሚሄድ፣ ማውጫው በተበላሸ ዲስክ ላይም ይሠራል። ዋጋው ስም ነው፦ የፋይል ስምና ፎልደር ሁሉ ይጠፋል፣ ውጤቱ በ«ሬክአፕ_ዲር» ፎልደሮች ውስጥ በቁጥር ስም ይከመራል። የተበታተነ ትልቅ ፋይልም ተቆራርጦ ሊወጣ ይችላል።

ማንኛውንም ቢመርጡ፣ ፍለጋው ውስጥ የፋይሉን የድሮ ስም ብቻ ጽፈው «የለም» ብለው ተስፋ አይቁረጡ። በቢኑ በኩል ያለፈ ፋይል ሲጠፋ የነበረው ስም «$አር» ብሎ የሚጀምረው ነው። በኤክስቴንሽኑ ይፈልጉት።

ዲስኩ «ጠቅ ጠቅ» የሚል ድምፅ ካሰማ ወይም ኮምፒውተሩ አንዴ እያየው አንዴ እያጣው ከሆነ ሶፍትዌር አማራጭ አይደለም። ነቅለው ዳታ ለሚያስመልስ ባለሙያ ይውሰዱት፤ ያለ ትርፍ ሙከራ።

መጠን፣ ማረጋገጫ፣ ራሱን የሚያጸዳ ቢን

«ቢኑ ውስጥ ነበረ፣ ሳልነካው ጠፋ» የሚለው ችግር ሁለት ምንጭ አለው፤ ሁለቱም የሴቲንግ ምርጫ ናቸው።

አንደኛው መጠን ነው። ከቪስታ ወዲህ ዊንዶውስ ለቢኑ የሚመድበው ከድራይቩ የመጀመሪያ 40 ጊጋባይት 10 በመቶ፣ ከቀሪው 5 በመቶ ነው። ዊንዶውስ 465 ጊጋባይት ብሎ የሚያሳየው ዲስክ ላይ 4 ሲደመር 21.25፣ ማለትም 25 ጊጋባይት ገደማ ይሆናል። ይህ ሲሞላ የቆየው በዝምታ ይወጣል። ከተመደበው የሚበልጥ አንድ ፋይል ሲሰረዝ ደግሞ «ለቢኑ ትልቅ ስለሆነ እስከ ወዲያኛው ላጥፋው?» የሚል ጥያቄ ይመጣል፤ ሰው ሳያነብ «የስ» የሚለው እዚህ ላይ ነው። ቪዲዮ የሚያቀናብር ሰው ቅርጫቱን ራይት ክሊክ አድርጎ ፕሮፐርቲስ ውስጥ «ከስተም ሳይዝ»ን ለየድራይቩ ለብቻው ከፍ ማድረግ አለበት፤ ቁጥሩ በሜጋባይት ስለሆነ 50 ጊጋባይት ለማለት 51200 ይጻፋል። ትንሽ ኤስኤስዲ ላለው ሰው ግን ነባሩ ይበቃል።

ሁለተኛው ስቶሬጅ ሴንስ የሚባለው፣ ዲስኩን በራሱ የሚያጸዳ የዊንዶውስ ምርጫ ነው። ሲበራ ቢኑ ውስጥ ከ30 ቀን በላይ የቆየውን ያስወግዳል፤ 1፣ 14፣ 30፣ 60 ቀን ወይም «ኔቨር» ብሎ መምረጥ ይቻላል። ለአብዛኛው ሰው 60 ጥሩ ነው። ቢኑን እንደ መጋዘን የሚጠቀም ሰው «ኔቨር» ቢመርጥም በመጠኑ ገደብ መያዙ አይቀርም። ከውጭ የተጫኑ የማጽጃ ፕሮግራሞችም ቢኑን ሳይጠይቁ ባዶ የሚያደርጉበት ምልክት ሊኖራቸው ስለሚችል አብረው ይታዩ።

«ዶንት ሙቭ ፋይልስ ቱ ዘ ሪሳይክል ቢን» የሚለውን ማብራት አንመክርም። አንዳንድ ፋይል ወዲያው እንዲጠፋ ከፈለጉ ሺፍትና ዲሊት አለልዎት። ፋይል ሁልጊዜ ቢኑን እየዘለለ የሚጠፋ ከሆነም መጀመሪያ የሚታየው ይህ ምልክት ነው። በአንጻሩ «ዲስፕሌይ ዲሊት ኮንፈርሜሽን ዳያሎግ» ማብራት ጠቃሚ ነው።

ቢን ጭራሽ የማይሠራባቸው ቦታዎችም አሉ። ዊንዶውስ ላይ ከፍላሽ፣ ከኔትወርክ ድራይቭና ከትዕዛዝ መስኮት የተሰረዘ ፋይል በቀጥታ ይጠፋል። ኤክስተርናል ሃርድ ዲስክ ግን ከፍላሽ ይለያል፣ የራሱ ቢን አለው።

ማክና ሊኑክስ ለሚጠቀሙ

ማክ ላይ «ፑት ባክ» የሪስቶርን ሥራ ይሠራል። «ፋይሉ ተቆልፏል» ብሎ ባዶ መሆን እምቢ ሲል ኦፕሽን የሚለውን ቁልፍ ይዘው «ኢምፕቲ ትራሽ» ይበሉ። 30 ቀን ያለፈውን በራሱ የሚያጠፋው ምርጫ በፋይንደር ሴቲንግስ፣ አድቫንስድ ውስጥ ነው። ሊኑክስ ላይ ትራሹ በቤት ፎልደር ውስጥ «.ሎካል/ሼር/ትራሽ» ነው፤ እሱም «ፋይልስ» እና «ኢንፎ» በሚል ለሁለት ተከፍሎ እንደ ዊንዶውሱ ጥንድ ይሠራል፤ ዴስክቶፑ አልታዘዝ ካለ «ጂአይኦ ትራሽ --ኢምፕቲ» ያጸዳዋል።

ሁለቱም ከዊንዶውስ የሚለዩት በፍላሽ ነው። ማክ ፍላሹ ላይ «.ትራሽስ»፣ ሊኑክስ ደግሞ «.ትራሽ-1000» የሚመስል የተደበቀ ፎልደር ይፈጥሩና የተሰረዘውን እዚያው ያስቀምጣሉ። በዚህ ምክንያት ማክ ላይ ተጠርጎ ዊንዶውስ ላይ የተሰካ ፍላሽ ባዶ መስሎ «ቦታ የለኝም» ይላል። ፎርማት ከማድረግዎ በፊት ወደ ማኩ መልሰው ይሰኩትና ፍላሹ እንደተሰካ ትራሹን ባዶ ያድርጉ።